ዳለቻ ብለው የጻፉት፦ የአቶ ሸዋንግዛው ሀብተ ማርያም የሕይወት ታሪክ

አቶ ሸዋንግዛው ሀብተ ማርያም ከአባታቸው ከአቶ ሀብተ ማርያም ወልደ ጻድቅ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ አስካለ ደምሴ በ1927 ዓ.ም. በጥቅምት ወር በጂንካ አጠገብ ባለችው በባኮ ተወለዱ። አባታቸው ከመንዝ የመጡ ሰው ነበሩ። መሬትም ሆነ ከብት ብዙ አላወረሷቸውም፤ ያወረሷቸው ነገር ቢኖር አንድ ቃል ነው። አቶ ሀብተ ማርያም አንዲት አመድ የመሰለች በቅሎ ነበረቻቸው፤ “ዳለቻ” እያሉ ይጠሯት ነበር። በአካባቢው ያንን ቃል የሚያውቅ ሌላ ሰው ስላልነበረ ሕፃኑ ሸዋንግዛው ዳለቻ ማለት ያቺ በቅሎ፣ ያቺ በቅሎም ዳለቻ እንደሆነች አምነው አደጉ። ታሪኩ ኋላ ስለሚያስፈልገን አድማጭ ይህን በልቡ ይያዝልን።

ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ ፊደል ቆጥረው ዳዊት ደገሙ። ከዚያም በጂንካ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርታቸውን ተከታትለው እስከ ስምንተኛ ክፍል በጨንቻ ተማሩ። በ1956 ዓ.ም. ደብረ ዘይት ሄደው በእንስሳት ጤና ረዳትነት ሠለጠኑና ተመልሰው በጂንካ ሥራ ጀመሩ። በ1958 ዓ.ም. ከወይዘሮ አስቻለች ፈለቀ ጋር በቅዱስ ጋብቻ ተወስነው ንጉሤን፣ ሣራንና ሐናን አፍርተዋል።

ሥራቸው በእግር ነበር። የበረዶ ሣጥኑን በአህያ አስጭነው፣ መርፌውን በደረት ኪሳቸው ይዘው ከቀይ አፈር እስከ ወይጦ፣ ከሃና እስከ ዱስ ከብት ሲከትቡ ኖረዋል። የግራ እጃቸው አውራ ጣት የተጣመመው አንዲት ጊደር ረግጣቸው ነው፤ ለልጆቻቸው ግን ጎሽ ነው ብለው ነግረዋቸዋል። አስተርጓሚያቸው የአሪ ተወላጅ የሆኑት አቶ አንጁሎ ነበሩ፤ የበናንም የሐመርንም ቋንቋ እንደ እናታቸው ቋንቋ የሚናገሩ፣ ዛሬም በመካከላችን ያሉ ሰው ናቸው። ይህን ጽሑፍ የጻፈችው ታናሽ እህታቸው ተናኜ ስለ ወንድሟ አንድ ነገር ሳትናገር አታልፍም፦ በእጅ ጽሑፋቸው እጅግ ይመኩ ነበር። በሽታ ቢያመልጣቸው መድኃኒት አለው፤ የ“ለ” እግር ቢጣመምባቸው ግን ወረቀቱን ቀደው እንደገና ይጀምሩ ነበር።

ከለውጡ በኋላ ከብት ከቦታ ቦታ የሚነዳ ሰው መሸኛ እንዲይዝ ታዘዘ። በመሸኛው ላይ የባለቤቱ ስም፣ የከብቱ ዕድሜ፣ ቀንዱ፣ ምልክቱ እና ቀለሙ ይሞላል። በኅዳር ወር 1969 ዓ.ም. አቶ ዳርጌ የሚባሉ የበና ሰው አንድ በሬ ይዘው ቀይ አፈር ወደነበረው መከተቢያ መጡ። በሬውን ከወይጦ ማዶ ወዳሉት አማቻቸው ሊወስዱ ነበርና መሸኛ ጠየቁ። አቶ ሸዋንግዛው ሁሉንም ሞልተው ቀለሙ ላይ ሲደርሱ ብዕራቸውን ነከሱ። በሬው ከሩቅ ሲታይ ግራጫ ነው፤ ሲቀርቡት ቀላ ይላል፤ ሲዞር ደግሞ እንደገና ግራጫ ይሆናል። በዚያች ሰዓት የአባታቸው በቅሎ ትዝ አለቻቸውና ባማረ ጽሑፍ “ዳለቻ” ብለው ጻፉ። ባለቤቱ አጠገባቸው ቆመው ነበር፤ አቶ አንጁሎም ነበሩ። በሬህ ምን ይባላል ብለው አልጠየቁም።

በዚያው ሰሞን አንድ ነጋዴ ቀይ በሬ ጠፋብኝ ብሎ አመልክቶ ኖሯል። አቶ ዳርጌ መንገድ ላይ ካለ አንድ ኬላ የደረሱት ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ነበር፤ በዚያ ሰዓት ደግሞ በሬው ፍም መስሏል። የኬላው ጠባቂ የሌላ አገር ሰው ነበርና በእርሱ አገር ዳለቻ ማለት ወደ ነጭ የሚያደላ፣ ያረጀ፣ የደበዘዘ ማለት ነው። ወረቀቱን አየ፤ በሬውን አየ። “ይህ ወረቀት የዚህ በሬ አይደለም” አለና ሰውየውንም በሬውንም ወደ ጂንካ መለሳቸው።

ጉዳዩ ለሸንጎ ቀረበ፤ መሸኛውን የጻፉት ተጠሩ። ጊዜው ስህተት ሁሉ አሻጥር የሚባልበት ጊዜ ነበር። የመንግሥት ሠራተኛ ሐሰተኛ መሸኛ ጻፈ ከተባለ ከሥራው መባረር የቅጣቱ ትንሹ ነው። ዳኛው “ዳለቻ ምን ዓይነት ቀለም ነው?” ብለው ጠየቁ። አቶ ሸዋንግዛው “ግራጫ ነው” ብለው መለሱ። ዳኛው በመስኮት ወደ ግቢው አመለከቱ፤ በሬው ፀሐይ ላይ ቆሞ ቀልቷል። “ይህስ ግራጫ ነው?” ሲሉ አቶ ሸዋንግዛው ሦስት ልጆቻቸውን አሰቡና “አይመስልም” አሉ። በዚያች አንዲት ቃል አቶ ዳርጌ አንድ ዓመት እስራት ተፈረደባቸው። በሬው ደግሞ ጉዳዩ ተጣርቶ እስኪያልቅ በኤግዚቢትነት ታስሮ እንዲቆይ ተወሰነ።

ከሸንጎው ሲወጡ አቶ አንጁሎ “ጋሼ፣ ሰውየው እኮ የሚጠራው በዚህ በሬ ነው” አሏቸው። “ዳርጌ ሲወለድ የወጣለት ስም ነው። እኩዮቹ ግን የሚጠሩት በበሬው ቀለም ነው፤ ሲዘፍንም በእሱ ነው የሚዘፍን። እኛ ምን አልነው? የገዛ ስምህን ሰረቅህ አልነው።”

ከዚያ ቀን ጀምሮ አቶ ሸዋንግዛው እህል እንቢ አላቸው። የሚመኩበት ጽሑፍም ተበላሸ። ስድስት ወር እንዲህ አለፈ። ወይዘሮ አስቻለች ነገር የማያበዙ ሴት ናቸውና አንድ ቀን ሰሐኑን ከፊታቸው አንስተው “ወይ ብላ፣ ወይ ሄደህ ተናገር። ሁለቱንም ትተህ ልጆቹን አታስጨንቅ” አሏቸው። በማግስቱ ማመልከቻ ጻፉ። ግልባጩ ሣጥናቸው ውስጥ ተገኝቷል፤ እንዲህ ይላል፦ “ስለ በሬው ቀለም ቀደም ሲል የሰጠሁት ቃል ከፍርሃት እንጂ ከዕውቀት የመጣ አይደለም። የጻፍኩት ስለዚሁ በሬ ነው። ጥፋቱ የእኔ ነው።”

ሸንጎው እንደገና ተቀመጠ። አቶ ሸዋንግዛው የለመኑት አንድ ነገር ነበር፦ በሬው ግቢ ውስጥ ይቁም፤ በመንገድ የሚያልፍ ዐሥር ሰው ይጠራና ቀለሙን ይናገር። ዳኛው ፈገግ ብለው ፈቀዱ። ከኮንሶ በኩል የመጣ ነጋዴ “ዳለቻ” አለ፤ የአቶ ሸዋንግዛው ፊት በራ። አስተማሪው ግን “ግራጫ” አሉ። አልማዝ የምትባል ጠላ ሻጭ “ቡላ ነው፤ ዓይን የላችሁም?” ብላ ተቆጣች። ቄሱ “አመድማ” አሉ፤ አንዱ “ቀይ” አለ፤ ሌላው “ጠይም” አለ፤ ሥጋ ሻጩ “ሲበላ ቀለም አለው እንዴ?” ብሎ ሸንጎውን አሳቀ። ዳኛው ራሳቸው ሳይጠየቁ “ለእኔስ ዳማ ነው የሚመስለኝ” አሉ። መጨረሻ ላይ አቶ ዳርጌ ተጠየቁ። አንድ ቃል ብቻ ተናገሩ። በሬው የታሰረበትን ገመድ እየጎተተ ወደ ድምፁ ዞረ።

አቶ አንጁሎ “ዝናብ የመታው አመድ፤ ከሥሩ ግን ፍሙ ያልጠፋ” ብለው ተረጎሙት። ቃሉን እዚህ ያልጻፍነው ፊደላችን ስላልበቃው ነው። አቶ ሸዋንግዛው ራሳቸው በማስታወሻቸው ዐሥራ አንድ ጊዜ ጽፈው ዐሥራ አንድ ጊዜ ሰርዘውታል።

አቶ ዳርጌ በነፃ ተለቀቁ። አቶ ሸዋንግዛው ደግሞ ከደረጃቸው ዝቅ ብለው ለሁለት ዓመት ወደ ሃና ተላኩ፤ ቅሬታ አላሰሙም። ቅሬታ የሆነባቸው ሌላ ነገር ነው። በሰባት ወር እስር የከሳው በሬ ወደ አገሩ ሲነዳ መንገድ ላይ ወደቀና ሞተ። ይህን ሲሰሙ እኚህ ሰው እንደ ልጅ አለቀሱ። ስህተታቸውን አመኑ፤ ሰውየውን አስፈቱ፤ ስሙን ግን አልመለሱለትም። ያን በሬ የሚመስል ጥጃ ፈልገው ለአቶ ዳርጌ ሊያስረክቡ የማሉት ያን ጊዜ ነው።

የሥራ ዘመናቸው ከዚያ በኋላ በሁለት ነገር ታስሮ ኖረ። አንደኛው መሸኛው ላይ በማስመሪያ የጨመሩት ባዶ ቦታ ነው፤ ከ“ቀለም” ጎን “በባለቤቱ አፍ” የሚል። ከብቱን ያመጣውን ሰው ይጠይቁና የነገራቸውን እንዳለ በፊደል ያሰፍራሉ። አለቆቻቸው “ቅጹን ያበላሻል” ብለው ሁለት ጊዜ በጽሑፍ አስጠነቀቋቸው፤ እሳቸውም ሁለቱንም ማስጠንቀቂያ በክብር ፋይል አድርገው መሥመሩን ማስመር ቀጠሉ። እኛ እስከምናውቀው ከዚያ ወዲህ በእሳቸው መሸኛ በቀለም ምክንያት የታሰረ ሰው የለም። ቃላቱንም ጀርባው በጨርቅ በተለበጠ ደብተር ሰበሰቧቸው፤ አንድ መቶ ዐሥራ ሦስት ናቸው። እያንዳንዱ የት እንደተሰማ፣ ማን እንደተናገረው፣ በምን ዓይነት ከብት ላይ እንደሚነገር ተጽፏል። “ዳለቻ” የሚለው የመጀመሪያው ገጽ ላይ ነው። የአባታቸው በቅሎ አለች፤ ከኮንሶ በኩል የመጣው ነጋዴ አለ፤ የኬላው ጠባቂ አለ። “ትክክለኛ ትርጉሙ” የሚለው ግን ባዶ ነበር።

ሁለተኛው ጥጃው ነው። በ1972 ዓ.ም. ከዱስ በኩል አንድ ጥጃ አገኙና አቶ ዳርጌ መጥተው እንዲያዩ መልእክት ላኩ። አቶ ዳርጌ መጡ፤ ዞሩት፤ ጀርባውን ዳሰሱት፤ “ጥሩ ነው። እሱ አይደለም” ብለው ጠላ ጠጥተው ተመለሱ። በ1975 ዓ.ም. ሁለተኛ ጥጃ ተገኘ። “እሱ አይደለም” ተባለ። በ1979 ዓ.ም. ሦስተኛው ሲገኝ አቶ ሸዋንግዛው እርግጠኛ ነበሩ፤ ልጆቹን ሁሉ አዲስ ልብስ አልብሰው እንደ በዓል ጠበቁ። አቶ ዳርጌ ጥጃውን ሳይሆን አቶ ሸዋንግዛውን ረዘም አድርገው አዩና በራሳቸው አማርኛ “ዓይንህ አማርኛ ብቻ ያውቃል” አሉ። ቤቱ በሳቅ ተሞላ፤ አቶ ሸዋንግዛው ግን አልሳቁም። ቢሆንም በዚህ መመላለስ ሁለቱ ቤቶች ሳያስቡት ተዛመዱ። የሣራ ሠርግ ላይ ማሩን ያመጡት አቶ ዳርጌ ናቸው፤ አቶ ዳርጌም ሲታመሙ መድኃኒት ይዘው በእግር የሄዱት አቶ ሸዋንግዛው ነበሩ።

በ1982 ዓ.ም. መጨረሻ የጉበት ሕመም ጀመራቸው። አርባ ምንጭ ድረስ ተወስደው ቢታከሙም ለውጥ ስላልተገኘ ወደ ቤታቸው ተመለሱ። ፀጉራቸው በጥቂት ወራት ውስጥ ተለወጠ። ወይዘሮ አስቻለች “ገብስማ ዶሮ መሰልክ” እያሉ ሊያስቋቸው ይሞክሩ ነበር፤ እሳቸው ግን አፍረው ቆብ አደረጉ፤ አውልቁ ሲባሉም እንቢ ይላሉ። ዘንድሮ በጥር ወር አቶ ዳርጌ ሊጠይቋቸው ከአቶ አንጁሎ ጋር መጡ። አቶ ሸዋንግዛው እጃቸውን ይዘው “አላገኘሁልህም” አሉ። “ዐሥራ አራት ዓመት ፈለግኩ፤ አላገኘሁልህም። ይቅር በለኝ።”

አቶ ዳርጌ ቆቡን ከአቶ ሸዋንግዛው ራስ ላይ አነሡት። የከሰዓቱ ፀሐይ በመስኮት ገብታ አልጋው ላይ ነበረች። አቶ ዳርጌ ፀጉራቸውን ወዲያና ወዲህ እያገላበጡ፣ በሬ እንደሚመረምር ሰው፣ ብዙ ጊዜ አዩት። ከዚያ መዳፋቸውን አናታቸው ላይ አሳርፈው ያንን የሸንጎውን ቃል ተናገሩ። አቶ አንጁሎ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ።

“አንተ ዱስ ሄድክ፣ ሃና ሄድክ” አሉ አቶ ዳርጌ። “እሱ ራስህ ላይ በቀለ። ስሜ አንተ ጋ ነው ያለ፤ አልጠፋም። ስም አንድ ከሆነ ወንድም ነው።”

እኛ ቤተሰቦቻቸው ከዚያ ቀን በኋላ ቆብ አድርገው አላየናቸውም። ደብተሩንም አስመጡ። እጃቸው ስለደከመ ሐና ደግፋቸው፣ “ትክክለኛ ትርጉሙ” በሚለው ባዶ ቦታ ላይ በተጣመመ ጽሑፍ “ባለቤቱ ሲጠየቅ የሚናገረው” ብለው ጻፉ። ፊደሉ ቢጣመምም ወረቀቱን አልቀደዱም።

አቶ ሸዋንግዛው ሀብተ ማርያም መጋቢት 9 ቀን 1983 ዓ.ም. በተወለዱ በ56 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም ዐረፉ። ባለቤታቸውን ወይዘሮ አስቻለች ፈለቀን፣ ልጆቻቸውን ንጉሤን፣ ሣራንና ሐናን፣ ሁለት የልጅ ልጆችን፣ እህታቸውን ተናኜ ሀብተ ማርያምን እና ወንድማቸውን አቶ ዳርጌን ትተው ሄደዋል። አባታቸው ስንት ወንድ ልጅ እንደወለዱ የምታውቁ የባኮ ሽማግሌዎች የመጨረሻው ስም የጸሐፊ ስህተት አይምሰላችሁ። ተጠይቀው ነው የተጻፈው፤ “በባለቤቱ አፍ”።

ፍጥረቱን ሁሉ ከነቀለሙ የሚያውቅ አምላክ ነፍሳቸውን በደግ ቦታ ያሳርፍልን፤ በዚያኛው በርም ወረቀት ሳይጠይቅ በትክክለኛው ስማቸው ይጥራቸው። አሜን።