ቡናማዋ ቀሚስሽ

ይድረስ ለምወድሽ እናቴ፣

እንደምን ሰነበትሽልኝ? ጉልበትሽስ ደረጃ መውጣቱን ለመደው ወይስ አሁንም ይነጫነጫል? እኔ እግዜር ይመስገን በሕይወት አለሁ። ደህና ነኝ ብዬ እንዳልጽፍ የእጅ ጽሑፌን ታውቂዋለሽ፤ መንቀጥቀጡ ያጋልጠኛል።

እማዬ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ቡናማዋ ቀሚስሽ ቁምሳጥንሽ ውስጥ አለች? እኔ የሰፋሁልሽ፣ ግራ ትከሻሽ ዝቅ ስለሚል ማንም እንዳያውቅብሽ ከውስጥ ስፖንጅ የሸጎጥኩባት። ተይው፣ ተነስተሽ አትልፊ። የለችም።

ባለፈው ሰሞን አንዲት የማላውቃት ሴት ጥቁር ጨርቅና በፌስታል የተጠቀለለ ልብስ ይዛ ሱቄ መጣች። በዚህ ልክ የሐዘን ልብስ ስፊልኝ አለችኝ። ማን ሞቶባችሁ ነው አልኳት። እሷም ግራ እየገባት፣ የላከኝ ሰው ከጠየቀችሽ «ገና ነው በያት» ብሎኛል አለችኝ። ፌስታሉን ስፈታው እጄ ትከሻው ላይ አረፈና ስፖንጁን ነካሁት። ወይኔ እማዬ! ያንቺው ቡናማ ቀሚስ ናት።

አማችሽ የተፋታን ቀን ምን እንዳለኝ ነግሬሽ ነበር። እናትሽን ጥቁር አለብሳታለሁ ነበር ያለኝ። አንቺ ደግሞ ንዴት ነው፣ አፉ ነው እንጂ ሆዱ ውስጥ ምንም የለም አልሽኝ።

ፖሊስ ጣቢያ ሮጥኩ። ተረኛው ልብስ ያሰፋ ሰው ይከሰሳል እንዴ ብሎ ሳቀብኝ። እልህ ያዘኝና ቀሚስሽን ታቅፌ ፍርድ ቤት ሄድኩ። አማችሽ በስልክ ሲዝትብኝ በጆሮዋ የሰማች ጎረቤቴም መጥታ መሰከረችልኝ። ዳኛዋም ጥበቃ ይደረግላት ብለው ወሰኑ።

አሁን በፍርድ ቤት ትእዛዝ አንድ ፖሊስ ሱቄ ውስጥ ይውላል፣ ማታም ቤቴ ድረስ ያደርሰኛል። ጨዋ ሰው ነው። ደንበኛ ልትለካ ስትገባ እንደተቀጣ ተማሪ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞራል። አንዷማ ከነመለዮው አይታው ምን አጥፍቶ ነው ብላ አዘነችለት። ከሳቅኩ ስንት ጊዜዬ! ግን በር ላይ ኮቴ በሰማሁ ቁጥር እግሬ ፔዳሉ ላይ ይደርቃል፣ ስፌቴም ሁሉ እየተንሻፈፈ ነው። እፈራለሁ እማዬ፣ በጣም ነው የምፈራው።

ዳኛዋ ቀሚሷ እንዴት እጁ ገባች ብለው ጠየቁኝ። ከተሰጣችበት ሰርቋት ይሆናል አልኳቸው። አዲስ ላሰፋልሽ ብሎ አቆላምጦ ለልክ ወስዷት ይሆናል አላልኩም። ሱቅሽንስ ማን አሳየው አሉኝ። አላውቅም አልኩ። ከተፋታን ወዲህ የከፈትኩትን ሱቄን ከአንቺ በቀር የነገርኩት ሰው የለም። እኔንና እሱን አንድ ማዕድ ላይ ማየት እንደምትወጂ አውቃለሁ፤ ሆድሽን አውቀዋለሁ።

ቤቱንም ሱቁንም ልቀይር ነው። አዲሱ አድራሻዬ ለማንም እንዳይነገር ታዟል። ዳኛዋ ከቤተሰብ እንዲያውቅ የምትፈልጊው ሰው አለ ወይ አሉኝ። የለም አልኩ። እናትሽም? አሉኝ፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። ጸሐፊዋ እንኳ መጻፏን ትታ ቀና አለች።

እናቴም፣ አልኩ።

አትቀየሚኝ። መልስ ብትጽፊልኝ በፍርድ ቤቱ በኩል ይደርሰኛል። አማችሽ ጥቁሩን ቀሚስ ሌላ ሰፊ ጋ አሰፍቶ ስጦታ ነው ብሎ ካመጣልሽ ግን፣ አደራሽን፣ ለመለካት እንኳ እንዳትሞክሪው።

ጉልበትሽን ይማርልሽ፣ ዕድሜሽን ያርዝመው። ፈጣሪ ከጥቁር ልብስ ይሰውርሽ።

አንቺኑ የምትናፍቅ
ልጅሽ