የእኔን ሊያነቡ የነበሩት የአቶ ይደር የሕይወት ታሪክ

በሬዲዮ አድማጮቻቸውና በጋዜጣ አንባቢዎቻቸው ዘንድ «አቶ ይደር» በሚል ቅጽል የሚታወቁት የፖለቲካ ተንታኝና የፖሊሲ አጥኚ፣ ለእኔ ደግሞ ጋሼ፣ ከዛሬ ስልሳ ስምንት ዓመት በፊት በአንድ ዝናባማ ሐሙስ ጠዋት ከመዝገብ ቤት ሠራተኛ አባታቸውና ከልብስ ሰፊ እናታቸው ተወለዱ። ይህን የማነበው በሰባት ዓመት የማንሳቸው ታናሽ እህታቸው ነኝ። እዚህ መቆም የነበረብኝ እኔ አልነበርኩም። በቤታችን የሕይወት ታሪክ የሚጽፉት እሳቸው ናቸው፤ የአባታችንንም የእናታችንንም ጽፈው አንብበዋል። የእኔንም እንደሚያነቡ ማንም አልተጠራጠረም፤ የልብ ሕመምተኛዋ እኔ ነኝና። ዛሬም ድረስ ተሳስታችኋል የሚለኝ ሰው እየጠበቅኩ ነው።

አባታችን በፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ሠላሳ አንድ ዓመት ሲሠሩ፣ አንድን ወረቀት ማን ለምን እንዳስቀመጠው ሳያጣሩ አያስጥሉም ነበር። ጋሼም ይህን ከጡት ጋር የጠቡት ይመስላል። አሥራ አራት ዓመታቸው ሳለ ጎረቤቶቻችን ከጋራ ግቢያችን መሃል የሚያደናቅፈውን ትልቅ ድንጋይ ሊያነሱ ተሰበሰቡ። እሳቸውም «መጀመሪያ ማን እንዳስቀመጠው ጠይቁ» ብለው ድንጋዩ ላይ ቁጭ አሉ። ጎረቤቶቹ እሳቸውንም ድንጋዩንም ተሸክመው አነሱ። በዚያው ክረምት ጎርፉ በባዶው ቦታ አልፎ ሦስት ቤት ገባ። ይህን ታሪክ በሬዲዮ ቢያንስ መቶ ጊዜ ተናግረውታል። ያልተናገሩት፣ እሳቸው አልጋ ላይ ቆመው «ብያችሁ ነበር» ሲሉ ውኃውን በጣሳ የቀዳሁት እኔ መሆኔን ነው።

አንደኛና ሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በሰፈራችን ትምህርት ቤቶች አጠናቀው በምጣኔ ሀብት የመጀመሪያ ዲግሪ፣ በሕዝብ አስተዳደር ሁለተኛ ዲግሪ አግኝተዋል። የመመረቂያ ጽሑፋቸውን አንድ ዓመት አዘግይተው ነው ያስረከቡት፤ ሠንጠረዥ ሰባት አላረካቸውም ነበር። በሃያ ስድስት ዓመታቸው በበጀት ጥናት መሥሪያ ቤት ተቀጥረው፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ መስኮቱ በማይገጥም አንድ ክፍል ውስጥ አሥራ ሁለት ዓመት ሠርተዋል። አዲስ የሕግ ረቂቅ ሲመጣላቸው ከሁሉ በፊት የሚፈልጉት አሮጌውን ነበር፤ ለምን እንደወጣ፣ ማን እንደጠየቀው፣ ቢነሳ ማን እንደሚጎዳ። አለቃቸው «አንተ ያለህበት ስብሰባ ምሳ ሰዓት ይበላል» ይሏቸው እንደነበር ራሳቸው እየሳቁ ይናገሩ ነበር።

በሠላሳ አንድ ዓመታቸው ፋርማሲስት ከሆኑት ከውድ ባለቤታቸው ጋር ትዳር መሥርተው ሁለት ሴትና አንድ ወንድ ልጆች አፍርተዋል። ባለቤታቸው እንደሚሉት የጋብቻው ጥያቄ አራት ዓመት መሳቢያ ውስጥ ካደረ በኋላ ነው የወጣው። እሺ ለማለት ግን ባለቤታቸው አንድ ደቂቃ አልፈጀባቸውም።

በሠላሳ ስምንት ዓመታቸው መሥሪያ ቤቱን ለቀው ወደ ግል የጥናት ተቋም ገቡ። ያኔ ነው «ይደር» የተሰኘውን የጋዜጣ ዓምድና የረቡዕ ጠዋቱን የአሥራ ሁለት ደቂቃ የሬዲዮ ትንታኔ የጀመሩት። ወግ አጥባቂ ነበሩ፤ ሲባሉም ደስ ይላቸዋል። መንግሥት አዲስ ነገር ባወጀ ቁጥር አገሩ ሁሉ ሲያጨበጭብ እሳቸው በዚያ በተጎተተ ድምፃቸው «ይህ ነገር ለምን አያድርም?» ይላሉ። የራሳቸውንም ጽሑፍ አንድ ቀን መሳቢያ ውስጥ ሳያሳድሩ ለአርታኢ ሰጥተው አያውቁም። ሌላው ልማዳቸው ደግሞ አንድን ሰው ከመተቸታቸው በፊት ስልክ ደውለው ትችቱን ለራሱ ለሰውዬው ማንበብ ነበር። «እንዲህ ልልህ ነው፤ ያላልከውን ብዬህ እንደሆነ አሁን ንገረኝ» ይሉታል። የሠራተኛ ማኅበራቱ ምጣኔ ሀብት አዋቂ፣ ሃያ ዓመት በየመድረኩ ሲሞግቷቸው የኖሩት፣ በቅጽል «ማዕበል» የሚባሉት፣ ይኸው ከፊት ወንበር ተቀምጠው ያለቅሳሉ። ቅድም በሩ ላይ እጄን ይዘው «ሰድቦኛል፤ ግን አንድም ቀን ዋሽቶብኝ አያውቅም» አሉኝ።

እኔ በፖለቲካ ከጋሼ ጋር ተስማምቼ አላውቅም። የመረጥኩትን ፓርቲ ሲሰሙ «እናታችን አንቺን ጡት ስታስጥል ቸኩላለች» ይሉኝ ነበር። እኔም አልተኛላቸውም። በዚህ ስንሳሳቅ ኖረናል። ያላሳቀን አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እሱንም ዛሬ ሳልናገር ከዚህ አልወርድም።

እኔ አዋላጅ ነርስ ነኝ። ከአሥራ አንድ ዓመት በፊት፣ ለሁሉም ነገር ይደር ይሉ የነበሩት ወንድሜ አንድ ጊዜ ቸኮሉ። ወጪ የሚቀንስ ጥናት ከመንግሥት ሲጠየቁ ትንንሾቹ የእናቶች ማዋለጃዎች ተዘግተው ወደ ትልቁ ሆስፒታል ይጠቃለሉ የሚል ጥናት በሦስት ሳምንት አስረከቡ። ከሚዘጉት አንዱ እኔ አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሠራሁበት፣ ስድስት አልጋ ያለው ቤት ነበር። እያንዳንዱ አልጋ የትኛው እግሩ እንደሚነቃነቅ አውቃለሁ። ምሳ ጋብዘውኝ ሳለ «ጋሼ፣ እነዚህ ቤቶች እዚያ የተሠሩት መንገዱ ስለማያደርስ ነው፤ ምጥ ይደር አይባልም» አልኳቸው። «ቁጥሩን አይቻለሁ» አሉኝ። ማዋለጃው ተዘጋ። በመጀመሪያው ክረምት ሁለት እናቶች መንገድ ላይ ቀሩ። የአንደኛዋን የመጀመሪያ ልጅ ያዋለድኩት እኔ ነበርኩ። ስልክ ደውዬ ስነግራቸው «ይጠና» አሉ።

አልተኳረፍንም። እሁድ እሁድ ጋዜጣ ይዘውልኝ መምጣታቸውን አላቆሙም፤ እኔም በሩን ዘግቼባቸው አላውቅም። ስለ ልጆቹ፣ ስለ ጉልበታቸው፣ ስለ ጣሪያዬ እናወራለን። ስለ ማዋለጃው ግን አንድ ቃል አልተነፈስንም፤ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ።

ዓምና ልቤ ሲደክም ሐኪሞቹ ቤተሰቡን ሰብስበው ተዘጋጁ አሏቸው። ጋሼም ተዘጋጁ ሲባሉ እንደሚያውቁት ተዘጋጁ። በጋዜጣ ቤት የታወቀ ሰው የሕይወት ታሪክ ሰውዬው በቁሙ ሳለ ተጽፎ፣ የሞቱ ቀን ብቻ ባዶ ተትቶ ይቀመጣል። ለብዙ ባለሥልጣናት፣ ለተቃዋሚዎቻቸው ጭምር፣ እንዲህ ያለውን የጻፉት እሳቸው ነበሩ። እኔ ግን ሐኪሞቹን አሳፍሬ ተነሳሁ። ጋሼ በየቀኑ አርባ ደቂቃ የሚራመዱ፣ ራስ ምታት እንኳ የማያውቃቸው ሰው ናቸው ብለን እኔን እኔን ስንጠብቅ ቆየን።

ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ ለእግር ጉዞ ሊወጡ አልጋ ጫፍ ላይ ተቀምጠው የቀኝ ጫማቸውን አሰሩ። ባለቤታቸው ሻዩ እየቀዘቀዘ ነው ብለው ሁለት ጊዜ ተጣሩ። ሲገቡ የግራ ጫማቸውን እንደያዙ ወደ ጎን ጋደም ብለው አገኟቸው። ሐኪሙ ልብ ነው አለ። ልብ! የልብ ሕመምተኛዋ እኔ ሆኜ ሳለ! መድኃኒቱን በቀን ሦስት ጊዜ የምውጠው እኔ ሆኜ ሳለ! ሰማይ ተደፋብን ብል አላጋነንኩም፤ ስልኩ እጄ ላይ እንዳለ «ማንን ነው የምትሉት?» እያልኩ ደጋግሜ ጠየቅኩ።

በማግሥቱ ታላቋ ልጃቸው የረቡዑን ትንታኔ ለሬዲዮ ጣቢያው ልትሰጥ መሳቢያቸውን ከፈተች። ትንታኔው ነበረ፤ አድሮ ተዘጋጅቷል። ከሥሩ አንድ ሰማያዊ ማኅደር ነበር። ይዛልኝ መጥታ «አክስቴ፣ ይሄ ያንቺ ነው» አለችኝ፤ ፊቷ ነጭ ወረቀት መስሏል። የእኔ የሕይወት ታሪክ ነው፤ አራት ገጽ፣ የሞትኩበት ቀን ባዶ። በሕይወቴ እንደዚያ ደንግጬ አላውቅም። ሦስተኛው ገጽ ላይ እንዲህ ይላል፦

«እህቴ በእጇ የተቀበለቻቸው ሕፃናት ከሁለት ሺህ ይበልጣሉ። ማዋለጃዋ ይዘጋ ብዬ የጻፍኩት እኔ ነኝ። ያን ጥናት ሳስረክብ እነዚያ ቤቶች ለምን እዚያ እንደተሠሩ አልጠየቅሁም። በሕይወቴ ማን እንዳስቀመጠው ሳልጠይቅ ያነሳሁት ድንጋይ እሱ ብቻ ነው፤ ሁለት እናቶች ሞቱበት። እሷ ትክክል ነበረች፤ እኔ ተሳስቻለሁ። ይህን ፊት ለፊቷ መናገር ሲገባኝ በሬሳዋ ፊት መናገሬ ሁለተኛው ጥፋቴ ነው።»

በገጹ ጠርዝ ላይ በእርሳስ ሰባት ቀኖች ተጽፈዋል፤ ሰባቱም እሁድ ናቸው። ከእያንዳንዱ ጎን «ልነግራት» ይላል፤ ከዚያ ተሰርዞ «ይደር»። የመጨረሻው ከማረፋቸው ሁለት ቀን በፊት የነበረው እሁድ ነው። ያን ቀን መጥተው መነጽራቸውን ሁለት ጊዜ አውልቀው ሁለት ጊዜ አደረጉ። «ልብሽ እንዴት ነው?» አሉኝ። «ደኅና ነው፤ ይልቅ ያ አምፖል ተቃጥሏል» አልኳቸው። ወንበር ላይ ወጥተው አምፖሉን ቀየሩልኝና ሄዱ።

ተናደድኩ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ሳይቀበሩ ተናደድኩባቸው። ሰው ይቅርታ ለመጠየቅ እህቱ እስክትሞት ይጠብቃል? ለሚተቸው ሁሉ ስልክ የሚደውል ሰው ለእኔ መደወል ምነው አቃተው? ግን ቁጭ ብዬ ሳስበው እኔስ? አሥራ አንድ ዓመት ስጠብቅ አንድ እሁድ «ጋሼ፣ ያ ነገር» ብል ምን እሆን ነበር? አምፖል አምፖል እያልኩ እኔም ሳሳድረው ኖሬአለሁ።

ወንድማችን የውድ ባለቤታቸው አጋር፣ የሦስት ልጆች አባት፣ የአምስት ልጆች አያት፣ የአንዲት እህት ታላቅ ነበሩ። ሦስት መጻሕፍትና ከአንድ ሺህ በላይ ትንታኔዎች ትተዋል። ከሁሉ የሚበልጥብኝ ግን ያ አንድ አንቀጽ ነው።

ሰማያዊውን ማኅደር ለታላቋ ልጃቸው መልሼ ሰጥቻታለሁ፤ የጎደለውን ቀን ጊዜው ሲደርስ እሷ ትሞላዋለች። ያንን አንቀጽ ግን በራሳቸው እርሳስ ሰርዤዋለሁ። ዛሬ ሰው ሁሉ በተሰበሰበበት ተነቧል፤ የተጻፈላት እህትም በጆሮዋ ሰምታለች። ጋሼ፣ ይቅር ብዬሃለሁ፤ አንተም ዝምታዬን ይቅር በለኝ።

ፈጣሪ የወንድማችንን ነፍስ በዛሬዋ ዕለት በደጉ ስፍራ ይቀበልልን፤ እዚያ ደጅ ላይ ይደር አይበላቸው።