በአባሉና በእድሩ መካከል

ሰኞ፣ ኅዳር 8

ዛሬም ሰማሁት። ጓሮ ቆሜ ፊቴን ስታጠብ፣ ከአጥሩ ማዶ የሸማኔ ዕቃ ድምፅ። ቀጭ፣ ቀጭ፣ ትንሽ ዝም፣ ደግሞ ቀጭ። ውሃው ከእጄ ፈስሶ እስኪያልቅ ቆሜ ቀረሁ። ጋሽ አየነው ከሞቱ ሦስት ወር ሊሞላቸው ነው። እዚያ ቤት ሌላ የሚሸምን ሰው የለም። ሚስታቸው እማማ ይታይሽ ይፈትላሉ እንጂ አይሸምኑም።

ለማንም አልተናገርሁም። የሥነ ዜጋ መምህርቷ ያልተነካ ዕቃ ሲሠራ ትሰማለች ቢባል ተማሪዎቼ ዓመቱን ሙሉ ይስቁብኛል።

የዚህ ሳምንት ጭንቀቶች፦

የአሥራ አንደኛ ክፍል ፈተና እርማት። ገና ግማሹ።

የማስተርስ ጽሑፌ አምስተኛ ምዕራፍ። ርዕሱ የፈረንሳይ ሪፐብሊካዊ አስተሳሰብና ብዝኃነት ነው። አማካሪዬ በስልክ «አራት ምዕራፍ ሙሉ ሰዎቹ ያሉትን ነገርሽኝ። አንቺስ ከየትኛው ወገን ነሽ? ከምታውቂው ሕይወት ምሳሌ አምጪ» አሉኝ። ከምታውቂው ሕይወት!

እሑድ የእድራችን ጠቅላላ ጉባኤ። ጸሐፊዋ እኔ ነኝ። ዓመት የሞከርነው ደንብ ለዘለቄታው ሊጸድቅ ነው፤ አጠገባችን ያሉት ሁለት ሰፈሮችም በዚሁ ደንብ ሊቀላቀሉን ነው።

ደንቡን የጻፍሁት እኔ ነኝ። ጋሽ አየነውን ከመዝገብ ያስወጣውም እሱ ነው።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

ለራሴ በግልጽ ልጻፈው። ፈረንሳዮቹን እኔ በሁለት ወገን ነው የምከፍላቸው፤ አማካሪዬ አቅልለሽዋል ይሉኛል፣ ይበሉ።

አንዱ ወገን ሪፐብሊክ አንድ ነው፣ አይከፈልም ይላል። የሚያውቀው ዜጋን ብቻ ነው። የማን ልጅ ነህ፣ የየት አገር ሰው ነህ፣ በምን ታድራለህ ብሎ አይጠይቅም። በዜጋውና በሪፐብሊኩ መካከል የሚቆም ማኅበር ሁሉ የአድልዎ መደበቂያ ነው። በአብዮታቸው ጊዜ የባለ ሙያዎችን ማኅበራት ሳይቀር አፍርሰዋል፤ የአናጢውን፣ የዳቦ ጋጋሪውን፣ የሸማኔውን። ሌላው ወገን ቆይቶ መጣና የለም አለ። ሰው ብቻውን ቆሞ ዜጋ አይሆንም። በሰበካው፣ በሙያ ማኅበሩ፣ በሰፈሩ ነው ሰው የሚሆነው። እነዚህን አፍርሳችሁ የሚቀራችሁ አንድ ግዙፍ መንግሥትና ከፊቱ የቆመ አንድ ብቸኛ ሰው ነው።

እኔ የፊተኛው ወገን ነበርሁ፣ በሙሉ ልቤ። ምክንያትም ነበረኝ። የድሮው የእድር መዝገብ ሦስት ቦታ የተከፈለ ነበር። «የአገር ልጅ»፣ «መጤ»፣ መጨረሻው ገጽ ላይ ደግሞ «ባለ እጅ»፣ ሸማኔውና ቀጥቃጩ። ድንኳን ሲጣል እንኳ ባለ እጆቹ የሚቀመጡት በር በሩን ነበር። ያንን ገጽ በደስታ ነው የቀደድሁት። አንድ መዝገብ አወጣሁ፤ ስም ብቻ፣ በፊደል ተራ። ባለ ሱቁ አያሌው ከሸማኔው አየነው ሥር ተጻፈ። አያሌው ሁለት ቀን ሰላም ነሣኝ። በኩራት ነው የተቀበልሁት።

እዚያ ላይ ባቆም ጥሩ ነበር። አንቀጽ ሦስትን ጨመርሁ። «በአባሉና በእድሩ መካከል ሌላ የቀብር ማኅበር አይኖርም፤ ያለው አባል ከማኅበሩ ይወጣል ወይም ከእድሩ ይሰረዛል።» ከፈረንሳዮቹ ነበር የተማርሁት። ሊቀ መንበራችን መሪጌታ ጥላሁን «ይኼ ነው ጽሕፈት!» ብለው ከሁሉ ቀድመው አጨበጨቡ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10

ዓምና ደንቡ ለሙከራ ሲገባ፣ ጉባኤው ላይ ጋሽ አየነው ብቻቸውን ነው የተነሡት። ከቋሪት፣ ከገበዝ ማርያም በኩል መጥተው እዚህ ፍኖተ ሰላም የሚሸምኑ አምስት ቤት የሚካኤል ጽዋ ማኅበር አላቸው። በየወሩ በ12 ይሰበሰባሉ፤ አንዱ ሲሞት ይቀባበራሉ።

«መምህርት» አሉኝ፣ «ብቻዬን ኸመጣሁ ትቀበሉኛላችሁ። ኸነሰዎቼ ኸመጣሁ አትቀበሉኝም። እንደሱ ነው የተጻፈው?»

«የምንቀበልዎ እንደ ሰው ነው ጋሼ፣ እንደ ሸማኔ አይደለም» አልሁ። ተጨበጨበልኝ።

«ልጄ፣ እኔ ኸነሱ ተለይቼ ሰው ሁኜ አላውቅም» ብለው ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው ወጡ። ስማቸውን በቀይ እስክሪብቶ ሰረዝሁት። እንዳይጣመምብኝ ማስመሪያ ይዤ። ሌሎቹን አራቱንም እንዲሁ።

አሁን ያንን ጠዋት ልጻፈው። ነሐሴ ነው፣ ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። ጥሩንባ ነፊያችን ጋሽ አለነ በሬን አንኳኳ። «መምህርት፣ ጋሽ አየነው አርፈዋል። ልንፋ ወይ?» መሪጌታ ከተማ ውስጥ አልነበሩም፤ የሚጠየቀው እኔ ነኝ። እኔም «መዝገቡ ላይ የሉም» አልሁ። «ተው» እንኳ አላልሁም። የሉም ብቻ። ጥሩንባውን ካፖርቱ ሥር ከትቶ ሄደ። ጥሩንባ ካልተነፋ በዚህ ሰፈር የሞተ የለም፤ ማንም ነጠላውን አዘቅዝቆ አይወጣም። በሬን ዘግቼ ጽሑፌ ላይ ተቀመጥሁ። የዚያን ቀን ስጽፍ የዋልሁት ስለ ወንድማማችነት ነበር። አሁን ሳስበው ያስጠላኛል።

ዛሬ ከትምህርት ቤት ስመለስ እማማ ይታይሽ ቤት ገባሁ። ሰበብ ፈጠርሁ፤ የነጠላዬ ጥለት ተተርትሯል አልሁ። ዓይኔ ግን የሸማኔውን ዕቃ ነበር የሚፈልገው። ተፈታትቶ ግድግዳው ላይ ተደግፏል። የሚቀመጡበት ጉድጓድ ሳንቃ ተገጥሞበታል፤ ሳንቃው ላይ የእህል ጆንያ። ታዲያ ጠዋት ጠዋት የምሰማው ምንድን ነው?

እማማ ቆሎ አቀረቡልኝ። ስወጣ «ዓርብ ሚካኤልን እኛ ቤት ነው የምንጠጣው። ነይ፣ ጽዋ ቅመሺ» አሉኝ። አያውቁም። ጥሩንባው በእኔ ቃል መቅረቱን ከእኔና ከአለነ በቀር ማንም አያውቅም።

ሐሙስ፣ ኅዳር 11

መሪጌታን ልይ ብዬ ቡሬ ሄጄ መጣሁ። ልጃቸው አራስ ናት፣ ሊጠይቋት ሄደው ነው። መንገዱ ዛሬ ክፍት ነበር፤ ነገን ማን ያውቃል።

ግቢው ውስጥ ወንበር አስወጥተው የዚያን ጠዋት ነገር ሰሙኝ። አላቋረጡኝም። ስጨርስ ጢማቸውን ዳበስ ዳበስ አድርገው «ልጄ፣ ይኼን ለንስሐ አባትሽ ንገሪ። ለጉባኤ ምን ያደርጋል?» አሉ።

«አንቀጽ ሦስት እንዲህ እያለ ሊጸድቅ ነው መሪጌታ።»

«ይጽደቅ። ሦስት ሰፈር አንድ ሊሆን ነው። አምስት ቤት ብለሽ ልታፈርሽው ነው? ደግሞ ስምሽ አለ። መምህርት ነሽ። አለነ እንደሆን አፉ ዝግ ነው።»

ክፉ ሰው ቢሆኑ በቀለለኝ። ለእኔ አስበው ነው። ሲሸኙኝ ከአራሷ ገንፎ አስቀምሰው፣ «እኔም እዚያ ብሆን ያንኑ እል ነበር» አሉኝ በቀስታ። ያጽናናኛል ብለው ነው። የባሰ አስፈራኝ።

ስመለስ ማንኩሳ አጠገብ ሚኒባሱ ጎማ ሊቀይር ቆመ። ማሳው ላይ ሰዎች ወንፈል ገብተው ጤፍ ያጭዳሉ፤ ዛሬ የአንዱን፣ ነገ የሌላውን። ማን መዘገባቸው? ማን አጸደቃቸው? አራት ምዕራፍ ጽፌ ይህን አንድ ጊዜ አለማሰቤ ገረመኝ።

ዓርብ፣ ኅዳር 12

ኅዳር ሲታጠን። በየደጁ የተጠረገ ጉድፍ ይነዳል፤ ከተማው በጭስ ታፍኖ ዋለ። ሦስት እርምጃ ፊት ያለ ሰው አይለይም። ጭሱ ውስጥ የማየው ጋቢ የለበሰ ሽማግሌ ሁሉ እርሳቸውን ይመስለኛል። አንዱን «ጋሼ» ብዬ ልጠራ ደርሼ ነበር።

ጋሽ አለነ በሩ ላይ እሳት ሲቆሰቁስ አገኘሁት። ሰላምታም ሳይሰጠኝ ደረቱን በጡጫው ነካ ነካ አደረገና «ያን ቀን ያልነፋሁት ትንፋሽ እዚህ ተቀምጦብኛል» አለ። «ላንቺ ብዬ አይደለም ዝም ያልሁት። እኔስ? ‹የሉም› ብትይኝ፣ መንፋት አቅቶኝ ነው? ጥሩንባው ኸእጄ ነበር።» የሱ ደረቱ ላይ ነው፤ የኔ ጠዋት ጠዋት ጆሮዬ ውስጥ።

ከዚያ ወደ እማማ ይታይሽ ቤት። በሩ ላይ ሁለት ጊዜ ተመለስሁ፣ በሦስተኛው ገባሁ። አምስቱም ቤት ተሰብስቧል። ካህኑ ባረኩ፣ ዳቦው ተቆረሰ፣ ጽዋው ዞረ። የሞቱትን አባላት በየክርስትና ስማቸው ጠርተው ጸለዩ። ማንንም አልዘለሉም። እኔ፣ ስማቸውን ከመዝገብ የሰረዝሁት ሴት፣ ጥግ ላይ ተቀምጬ ጠላዬን ሳልቀምስ አስቀመጥሁት።

ሰው ሲበተን እማማ እጄን ይዘው ወደ ጎን አስቀመጡኝና ስለ ቀብሩ አወሩኝ። ወቀሳ አልነበረበትም። እንዲሁ የሆነውን ነው የሚያወሩት።

«አራት ወንድ ነው የተሸከመው። ትከሻ የሚቀይር የለ። ጭቃው ቢያንሸራትታቸው ማሳረፊያ ባልሆነ ቦታ ቃሬዛውን አስቀመጡት። አንቺ በር ላይ። ሬሳው ይርሳል። የእድሩ ሸራ ያለበት ቤት ቁልፉ ኸመምህርት ነው ቢሉን አንኳኳን። አልሰማሽንም። ዝናቡ ነው ልጄ፣ ምን ታደርጊ።»

ሰምቻለሁ። ሁለት ጊዜ ነው የተንኳኳው። አለነ ለሁለተኛ ጊዜ ሊጠይቀኝ የመጣ መስሎኝ ነው እስክሪብቶዬን ይዤ ዝም ያልሁት። በበሩና በወንበሬ መካከል አምስት እርምጃ አይሞላም።

ሳልነግራቸው ወጣሁ።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13

ፈተናውን አርሜ ጨረስሁ። ብቸኛዋ ድል።

ምዕራፍ አምስት፦ አንድ መስመር ጽፌ ሰረዝሁ።

ለነገ ያሰብሁትን ንግግር ሦስት ዓይነት አድርጌ ጻፍሁት። በመጀመሪያው «ስህተት ተፈጥሯል» ይላል። ማን ፈጠረው? ቀደድሁት። በሁለተኛው ስለ ሪፐብሊክ ሁለት ገጽ አለ፤ እሱንም ቀደድሁት። ሦስተኛው አራት ዓረፍተ ነገር ነው።

የምፈራው ምን እንደሆነ ልቁጠር። የሰፈሩን ዓይን። የተማሪዎቼን ወላጆች። ከጸሐፊነት መነሣቱን አልፈራም፤ ያንሡኝ። ከሁሉ በላይ የምፈራው የእማማ ይታይሽን ፊት ነው። ቀድሜ ለብቻቸው ልንገራቸው ብዬ እስከ በራቸው ሄድሁ። ጥጥ እየባዘቱ ነበር። «እማማ፣ ነገ ጉባኤ ይምጡ» ብቻ ብዬ ተመለስሁ። ፈሪ ነኝ።

እሑድ፣ ኅዳር 14

ከጉባኤው አሁን ተመለስሁ።

ከቅዳሴ በኋላ ጉባኤው ዛፉ ሥር ተሰበሰበ። እማማ ይታይሽ ከኋላ ቆመዋል፤ አንድ ሰው ወንበር ቢለቅላቸው እንቢ አሉ። መሪጌታ አንቀጾቹን አንድ በአንድ አስነበቡኝ። አንድ፣ ጸደቀ። ሁለት፣ ጸደቀ። ሦስት ላይ ስደርስ ወረቀቱን አጠፍሁ። መሪጌታ በዓይናቸው «እለፊው» አሉኝ።

«ይህን አንቀጽ የጻፍሁት እኔ ነኝ» አልሁ። «ጋሽ አየነው ባረፉ ጊዜ ጥሩንባ እንዳይነፋ ያደረግሁትም እኔ ነኝ። ቃሬዛቸው በሬ ላይ ሆኖ ለሸራ ሲንኳኳ እየሰማሁ አልከፈትሁም። እማማ፣ ዝናቡ አይደለም።»

ቀና ብዬ ወደ ኋላ ማየት አልቻልሁም። ቀጥሎ የተነሣው ጋሽ አለነ ነው። «የነፊውም ጥፋት አለበት፤ ይጻፍልኝ» ብሎ ተቀመጠ።

ከዚያ ጫጫታው መጣ። አያሌው «ደንብ ደንብ ነው፣ መምህርቷ ምን አጠፋች?» አለ። ሲከላከልልኝ የበለጠ አፈርሁ። አንዲት ሴት ከፊት ተነሥታ «ሰውዬውን እኮ ሰላም እያልን ነው ዓመት ሙሉ ያሳለፍነው፤ ሲሞት የማናውቀው ሆንን?» ብላ አለቀሰች። ብዙ ሰው ተናገረ። ሁሉንም ለመጻፍ አቅም የለኝም። መጨረሻ ላይ መሪጌታ ራሳቸው እጃቸውን አነሡ፤ አንቀጽ ሦስት ወደቀ። አንዱ መዝገብ ግን ይቆያል፤ በፊደል ተራ፣ ስም ብቻ። ያ ስህተት አይደለም፣ አሁንም እንደዚያ ነው የማምነው። ለአማካሪዬ የምጽፈውም ይህንኑ ነው፤ መዝገቡ አንድ፣ ማኅበሩም በቦታው።

መሪጌታ ወደ ኋላ ዞረው «እትዬ ይታይሽ፣ ከነማኅበርዎ ይግቡልን፤ አምስቱንም ቤት መምህርት ዛሬውኑ ትጽፋችኋለች» አሉ። እኔም ፈጥኜ እስክሪብቶዬን አነሣሁ።

እማማ ነጠላቸውን አስተካክለው ትንሽ ወደ ፊት መጡ። «እግዜር ይስጥልኝ። እኛ አንጻፍም» አሉ። «የኛን ሰው ብቻችንን መቅበሩን አየነው፤ ችለናል። እናንተ ስትሞቱ ግን ጥሩንባው ለኛም ይሰማል። እንመጣለን። እስካሁንስ ቀርተን እናውቃለን?»

ቀርተው አያውቁም። በዚህ ዓመት የሞቱትን ሁሉ አስታወስሁ፤ በሁሉም ቀብር አምስቱ ቤቶች ነበሩ። መዝገብ የያዝሁት እኔ አላስተዋልሁም።

ጉባኤው ሲበተን ተከትያቸው ሮጥሁ። በሬ አጠገብ ደረስሁባቸው። «እማማ፣ ይቅር ይበሉኝ» አልሁ። «አንቺም ስትሞቺ እመጣለሁ» አሉ። «ቀድሜሽ ካልሄድሁ።»

ይቅርታ ይሁን ሌላ፣ አላወቅሁም። ጎንበስ ብዬ እጃቸውን ሳምሁ። አልነጠቁኝም።