ቀዬ ተጋሪ

ውድ ወፍ ሰፊው፣

ስልክህን ስለማታነሳ ነው የምጽፍልህ። ደብዳቤ እንደ ስልክ ጆሮ ላይ አይዘጋም፤ ልቅደድህ ብትለው እንኳ መጀመሪያ በእጅህ መያዝህ አይቀርም። ጎረቤታችን ነርሷ፣ አሁን ያለህበት እህትህ ቤት ድረስ ወስዳ በእጅህ እንደምትሰጥህ ቃል ገብታልኛለች። እሷን ደግሞ ታውቃታለህ፤ አንዴ እሰጣለሁ ካለች በሩ ቢዘጋባት በመስኮት ትወረውረዋለች።

መጀመሪያ ነገር፣ ደህና አይደለሁም። ይህችን ረጋ ብለህ አንብባት፤ ያን ዕለት በበሩ ጀርባ ሆነህ ስትጠይቀኝ የመለስኩልህ ሌላ ነበርና። ዳሌዬን በብረት ገጥመውታል። ቀኝ እግሬ ግን ከዚያ በታች የእኔ አይመስለኝም፤ ሲነኩኝ የሰው እግር የነኩ ነው የሚመስለኝ። ከአልጋ ወደ ወንበር የሚያነሳኝ ሰው እጠብቃለሁ፣ ከወንበር ወደ አልጋም እንደዚያው። ያ ሁሉ ምላስ የነበረኝ ሰው፣ አንተ «ኮሚቴ» እያልክ የምትጠራኝ፣ ያለ እኔ ውሳኔ በዚህ ቤት ወንበር ከቦታው አይነቃነቅም እያልክ የምትስቅብኝ፣ አሁን ጠረጴዛው ላይ ያለችውን ብርጭቆ ውሃ ዓይኔ እያየ አልደርስባትም።

የምነግርህን አብዛኛውን ታውቀዋለህ። ቢሆንም ተኝቼ ብቻዬን ሳመነዥከው ስለከረምኩ፣ እንደገና አብረኸኝ እንድታየው እፈልጋለሁ።

ሁለቱን ቢጫ ወፎች የሰፋህበትን ሰሞን አስታውስ። በሙዚየሙ ውስጥ የአንተ ሥራ የሞተውን እንስሳ ቆዳ በጥጥና በሽቦ ሞልተህ፣ ሰፍተህ፣ ሊበር የተነሳ ማስመሰል ነው። የእኔ ደግሞ ከሥሩ የሚለጠፈውን ማብራሪያ መጻፍ። ሁለቱን በአንድ ቅርንጫፍ ላይ አስቀመጥካቸውና «በይ ተርጉሚያቸው» አልከኝ። ለሚያያቸው ሰው አንድ ናቸው፤ እንዲያውም መንትያ ይመስላሉ። ግን ሁለት ዝርያ ናቸው። አንደኛዋ ከዛፉ ጫፍ ትለቅማለች፣ ሌላዋ ከታች ከቁጥቋጦው። በአንድ ጫካ ይፈለፈላሉ፣ ከአንድ ኩሬ ይጠጣሉ፣ ቀኑን ሙሉ ሲተያዩ ይውላሉ፣ ግን አይጋቡም። መጽሐፉ እንዲህ ያሉትን ዝርያዎች «ሲምፓትሪክ» ይላቸዋል።

ይህን ቃል ለተማሪ ቤት ልጅ በሚገባ አማርኛ መጻፍ የእኔ ራስ ምታት ሆነ። አንተ ክር በአፍህ ይዘህ «ጎረቤት በያቸውና ተገላገይ» አልክ።

«ጎረቤት አጥር አለው። እነዚህ ምን አጥር አላቸው?»

«እንግዲያው ደባል በያቸው።»

«ደባል ተጠግቶ የሚኖር ነው። ከእነዚህ መሃል ተጠጊዋ የትኛዋ ናት? ሁለቱም እኮ ባለቤት ናቸው!»

«ኮሚቴው ተሰብስቦ ይወስን እንግዲህ» ብለህ ወደ መርፌህ ተመለስክ። በመጨረሻ «ቀዬ ተጋሪ» ብዬ ጻፍኩት። ከሥሩም አንድ ዓረፍተ ነገር ጨመርኩ፤ ቃሉ ለአንድ ዝርያ ብቻ እንደማይነገር፣ ቀዬ ተጋሪ ናት ከተባለ ከማን ጋር ተብሎ መጠየቅ እንዳለበት። ኃላፊያችን አነበበና ፊቱን አጨማደደ። «ለመሆኑ ይሄ ቃል ከየት የመጣ ነው?» ሲለኝ፣ አንተ ቀደምከኝና «ከእኛ ቤት» አልከው።

ያን ጊዜ ሆድና ጀርባ ከሆንን ሰንብተን ነበር። ልጅ ሳይመጣ ቀረ፤ ዘመድ ገባበት፤ የአንተ ወገን እኔን አየ፣ የእኔ ወገን አንተን አየ፣ እኛም በመጨረሻ እርስ በርስ እንደዚያው መተያየት ጀመርን። ተፋታን። ያለ ጭቅጭቅ ነበር የተለያየነው፤ ለመጨቃጨቅም አቅም አልነበረንም። የቀረው ቤቱ ነው። ሁለታችንም ላባችንን ያፈሰስንበት፣ ሁለት ክፍል ያለው፣ ኩሽናው አንድ፣ መታጠቢያው አንድ። ማን ይውጣ ቢባል ማንም አልተነሳም።

«ወፎቹ ምን ያደርጋሉ?» አልከኝ አንድ ቀን፣ ኮሪደሩ ላይ ቆመህ።

«ወይ ቦታ ይካፈላሉ፣ ወይ ሰዓት። አለዚያ አንዷ ሌላዋን ታስወጣታለች።»

«ቦታማ የለንም። በይ ሰዓት እንካፈል።»

እንዲህ ሆኖ ተጀመረ። ከንጋት ጀምሮ የሰፈሩ ትምህርት ቤት ደወል እስኪደወል ኩሽናውም መታጠቢያውም የአንተ፣ ከደወሉ በኋላ የእኔ። ማታ ደግሞ በተገላቢጦሽ። ሕጉ አንድ ብቻ ነበር፤ በሌላው ሰዓት በሩ አይነካም። አንተ ደግሞ ስፌትህ ላይ እንደምትጨነቀው ሕግም ላይ ትጨነቃለህ። አንድ ጊዜ መነጽርህን ኩሽና ረስተህ ሰዓትህ እስኪደርስ ጋዜጣውን አፍንጫህ ላይ ለጥፈህ ስታነብ አይቼ በሳቅ ሞቻለሁ። ሰው መጥቶ «እናንተ ሰዎች አሁን ምን ልትባሉ ነው?» ሲል «ቀዬ ተጋሪ ነን» ብለህ ኩም ታደርገዋለህ። እኔም አብሬህ እስቃለሁ።

ያልነገርኩህ ግን አለ። ጠዋት ጠዋት የሚቀሰቅሰኝ ደወሉ አልነበረም፣ የአንተ ሳል ነው። ሳልህን ካልሰማሁ አልነሳም ነበር። ኩሽና ስገባ ፔርሙዙ ውስጥ ሙቅ ውሃ አገኛለሁ። ረስተህ የተውከው አስመስለህ ትሄዳለህ፣ እኔም አላመሰግንህም። እኔ ደግሞ ሾርባ እሠራና «ተርፎ ነው» የሚል ወረቀት ክዳኑ ላይ አደርግልሃለሁ። ለአንድ ሰው የተሠራ ሾርባ በየቀኑ እንዴት ይተርፋል? አንድ ቀን እንኳ አልጠየቅከኝም። ሴት ልጅ ባሏን የምትወደው ከፈታችው በኋላ ነው ብለው ቢነግሩኝ ድሮ እንትፍ እል ነበር። ወደድኩህ። አፌ ሁሉን ሲናገር ይህችን አልተናገረም።

ያን ጠዋት ሰዓቱ የእኔ ነበር። እርጥቡ ወለል አዳለጠኝና ወደቅኩ፤ አጥንቴ ሲጮህ በጆሮዬ ሰማሁት። ወዲያው ኮቴህ መጣ። «ደህና ነሽ?» አልክ። ራቁቴን ነበርኩ። ስንት ዓመት ሚስትህ የነበርኩ ሴት፣ ራቁቴን እንዳታየኝ አፈርኩ! «ደህና ነኝ፤ ሂድ» አልኩህ። ከዚያ ለመነሳት ሞከርኩ፤ ጨለመብኝ፤ ሌላ የማውቀው የለም።

የቀረውን የነገረችኝ ነርሷ ናት። ቀትር ሲቃረብ ከሌሊት ተራዋ ስትመለስ በራችን ክፍት ሆኖ ታይና ትገባለች፤ አንተ መታጠቢያው በር ላይ መዳፍህን ለጥፈህ ቆመሃል። «ያበደ ነው የመሰለኝ፣ እትዬ» ነው የምትለኝ። «ገብተህ አየሃት? ብለው ‹ሰዓቷ ነው› ይለኛል! ስንት ጊዜ ቆምክ? ብለው ‹ደህና ነኝ ብላለች፤ ግን አልወጣችም› ይለኛል። ገፍትሬው ገባሁ።» በሩ እንኳ አልተቀረቀረም ነበር።

ይህን የሚሰማ ሁሉ በአንተ ይፈርዳል። ወንድሜማ ስምህ ሲነሳ ጥርሱን ያፋጫል። እኔ ግን ምን እንደሆንክ አውቃለሁ። ሌላ ወንድ ቢሆን በሩን ገንጥሎ ይገባ ነበር። ግን ሌላ ወንድ ያን ሁሉ ዓመት አንዲት ቀን እንኳ ሳይጋፋኝ፣ በሬን ሳይነካ፣ አብሮኝ ሊኖር ይችል ነበር? ያኖረኝ ጠባይህ ነው የሰበረኝ። ታዲያ የትኛውን ልጥላ? እኔም እኮ «ሂድ» ብዬሃለሁ። ቃሌን አከበርክ፣ አለቀ።

ሆስፒታል ውስጥ የሆነው ነው አንጀቴን የሚበላኝ። ያ እንቅልፍ ያጣ ወጣት ሐኪም ወረቀቱን እያየ «ቶሎ ብትመጣ ኖሮ እኮ ነርቩ እንዲህ አይጎዳም ነበር» አለ። ክፋት አልነበረውም። ቀና ብሎ «ባለቤቷ ነዎት?» አለህ።

«አይደለሁም።»

«ታዲያ ምኗ ነዎት?»

ለሰው ሁሉ የምትመልሰው መልስ እዚያ አልሆነልህም። ወደ እኔ አየህ። መድኃኒቱ ምላሴን አስሮት ነበር፤ እሱ የእኔ ነው፣ ተዉት፣ እዚሁ ይሁን፣ ልል ፈልጌ ድምፅ አልወጣኝም። በሕይወቴ አንድ ቀን ብቻ አፍ አጣሁ፣ እሷም ያች ቀን ሆነች። ጫማዬን ከአልጋው ሥር አስተካክለህ አስቀመጥክና ወጣህ። ልትመለስ የወጣህ መስሎኝ በሩን ሳይ ዋልኩ።

ከዚያ ወዲህ ነገሩ ሁሉ በእኔ ላይ ይወሰናል እንጂ እኔ አልወስንም። ትልቁ ወንድሜ መጣ። «ሰው የሌለበት ቤት ማን ይጠብቅሻል? ከእኔ ጋር ትሄጃለሽ፣ ቤቱም ይሸጣል» አለ። ሰው አለበት አልኩት። «የታለ?» አለኝና ዞር ዞር ብሎ ክፍሉን አየ። እህትህ ስልክ ላይ «ሽጡት፣ አልቃወምም ብሏል» አለችው። እውነት ብለሃል? ከአንደበትህ እስክሰማው አላምንም።

የሙዚየሙ ጽዳት ሠራተኛ ልትጠይቀኝ መጥታ ነበር። ሥራም መግባት ትተሃል አሉ። ከቢጫዎቹ ወፎች ከቁጥቋጦው የምትለቅመዋን ብል በልቷት አውርደዋታል፣ የሚሰፋት ጠፍቶ ሣጥን ውስጥ ተጋድማለች። «ጽሑፉ ግን አለ፣ አልነኩትም» አለችኝ ደስ ይለኛል ብላ። ቀዬ ተጋሪ ይላል፣ ከላይ አንዲት ወፍ ብቻ። አንስታችሁ ጣሉት ልላት ነበር፤ ግን ሆድ ባሰኝና ፊቴን ወደ ግድግዳው አዞርኩ። እሷ እግሬ የጠዘጠዘኝ መስሏት ትራሴን አስተካከለችልኝ።

ይህን ስጽፍልህ ወንድሜ ኩሽና ውስጥ ዕቃ እያሰረ ነው። የአንተን ድስት ከእኔ ሰሃን ጋር፣ የእኔን ማንኪያ ከአንተ ቢላ ጋር አንድ ላይ እየከተተው ነው፤ ሲያንኳኳው ይሰማኛል። «ይሄ የማን ነው?» ይላል በየመሃሉ። የእሱ ነው፣ ተወው እላለሁ፤ አይሰማኝም፣ ወይም ሰምቶ ማሰሩን ይቀጥላል። ተነስቼ ከእጁ ልቀማው አልችል ነገር። ነገ ጠዋት መኪናው ይመጣል። አንስተው ይጭኑኛል፤ አልሄድም ብል ማን ይሰማኛል? እንደ ልጅ አቅፈው ነው የሚያወርዱኝ።

ና ነው የምልህ። ባል ሁነኝ አላልኩም፤ ስሙን አንተ አውጣለት። የምለምንህ ሸክም እንደሆነ አውቃለሁ፤ ማንሳት አለው፣ ማጠብ አለው፣ እንደ ድሮው በር ዘግቶ መኖር አይሆንም። ከፈታሁት ሰው ይህን መጠየቅ ዓይን አውጣነት ነው። እኔም ዓይኔን አውጥቼ እየጠየቅኩህ ነው። ከፈራህ ፈርተህ ና። የሐኪሙ ቃል ከጆሮህ ካልወጣም ይዘኸው ና፤ ለሁለት እንሰማዋለን። ብቻህን እህትህ ቤት ተቀምጠህ የምትቀጣው ራስህን ብቻ አይደለም፤ እኔም አብሬ እየተቀጣሁ ነው፣ ያለ ጥፋቴ።

ነርሷ ጫማዋን አድርጋ እጇን ዘርግታ ቆማለች፤ ጨርሺ ትለኛለች። ሌላ ጊዜ ቢሆን እንዲህ ያለውን ነገር በደብዳቤ አልጨርሰውም ነበር። እህትህ ቤት መጥቼ፣ በሩን ደብድቤ፣ ጎረቤቱን ሰብስቤ፣ በጆሮህ ይዤ አወጣህ ነበር።

አሁን መምጣት አልችልም። እግር ያለህ አንተ ነህ።

በናፍቆት፣
ያችው ነገረኛህ