ጫማ ነው ወይስ እግር?

አዋሽ፣ ማክሰኞ፣ ጥር 12

ሰይድ ዛሬ በሁለት እግሩ እየተራመደ መስጊድ ሄደ። ሾፌር ሳለ መኪናው ዲቾቶ አጠገብ ሲገለበጥ ግራ እግሩን ከጉልበቱ በታች አጥቷል። አዲሱን እግር የሠራለት በያጁ ፍስሐ ነው። ቅልጥሙ የውሃ ቱቦ ቁራጭ፣ መርገጫው ያለቀ የመኪና ጎማ ነው። ዋጋውን ስጠይቀው፣ «ቆዳና ብሎን ብቻ ገዝቷል፤ ለእጄ ዱዓ ያድርግልኝ» አለኝ።

መስጊዱ በር ላይ ዘበኛው፣ «ሰይዶ፣ ጫማህን አውልቅ እንጂ!» አለው።

«እግሬ ነው እኮ ወንድሜ! አውልቄው በምን ልቁም?»

ሁላችንም ሳቅን። ዘበኛውም ሳቀ፤ ነገር ግን መንገድ የረገጠ ጎማ ምንጣፍ ላይ አይወጣም ብሎ አላስገባውም። ደጅ ላይ ተነጥፎለት ሰገደ። ከአደጋው ወዲህ ቆሞ ሲሰግድ ገና ማየቴ ነው፤ ፊቱ በርቶ ነበር።

ፍስሐ ሲሰማ ራሱን ያዘ። «ጋራዥ የሚገባው ሁሉ በጫማው ነው፤ ማውለቅ የሚባል ነገር ትዝም አላለኝ!» አሁን በር ላይ የሚወልቅ ሶል ልሥራለት ይላል። ሰይድ ደግሞ ጎማውን አጥቤ ብገባስ ባይ ነው፤ የፊታችንን ጁምዓ ውስጥ ሆኖ ከሰልፉ ጋር መስገድ ይፈልጋል።

የመስጊዱ ሼክ ሰመራ ሄደዋል። ሐሙስ ሲመለሱ ይወስናሉ።