የታሸገው ሱቅና የመምህርታችን ጫማ

ለታላቅ ወንድሜ ለግራው፣

እንደምን ሰነበትክ? ባለቤትህና ልጆቹስ ደህና ናቸው? ጉንፋኑ ለቀቀህ? ችሎት ውስጥ ስታስል ሰምቼህ ነበር፤ ቀርቤ እንዳልጠይቅህ ጠበቃህ መሀላችን ተገትሮ ነበር። እኛ ደህና ነን። እማዬን ጉልበቷ ብቻ ነው የሚያስቸግራት። ከከሰስከኝ ወዲህ ስምህን አታነሳም፤ ወንበርህ ላይ ግን ሰው አታስቀምጥም።

የምጽፍልህ ስልኬን ስለማታነሳ ነው። አባባ ሲሞት ጫማ ማደሻ ሱቁን እንካፈል አልክ፤ መብትህ ነው። ክርክሩ እስኪያልቅ ሱቁ ይታሸግ፣ ውስጡ ካለው ምንም አይነካ ተብሎ ታገደ። አንብቤ ፈረምኩ። አባባ ጀምሮት የሞተው የመምህርታችን ጫማም እዚያው ተቆለፈበት። አንዱ እግራቸው ስለሚያጥር ሶል የሚደረብበትን ማለቴ ነው፤ ሌላ የላቸውም።

በምርኩዝ እየተጎተቱ መጡ። እኔ ፈራሁ። እግድ አለ፣ ብነካው ያስሩኛል ብዬ መለስኳቸው። ሁለታችንንም ፊደል ያስቆጠሩ ሴት ደረጃውን በጎን እየወረዱ ሄዱ። በሳምንቱ ማሸጊያው ተቀዶ ተገኘ። የምኖረው ከሱቁ ጀርባ ነውና ጣት ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። ጠበቃህም ትእዛዝ ጥሳለች፣ ፍርድ ቤት ደፍራለች ብሎ አመለከተ።

ችሎት የቀረብን ዕለት ጫማው ዳኛው ጠረጴዛ ላይ ነበር። መምህርታችን አንድ እግራቸው በካልሲ ብቻ ቀርቶ አግዳሚው ላይ ተቀምጠዋል። ጠበቃህ ጫማው የእርስዎ ነው? ከሱቁ የወጣ ነው? ብሎ ጠየቃቸው፤ አዎ አሉ። ማን አወጣው ለማለት እንኳ አልደከመም። እሳቸውም ያልተጠየቁትን አይመልሱም፤ ታውቃቸዋለህ።

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። እኔ አይደለሁም ልል አፌን ስከፍት ጫማውን ገለበጡት። ሱቁ ሲታሸግ ሶሉ በማስቲሽ ብቻ ነበር የተያዘው። አሁን ዙሪያውን ተሰፍቷል፤ ክሩ ወደ ግራ ተስቦ። አባባ ዕድሜውን ሙሉ ሲስቅበት የኖረውን የግራ እጅ ስፌት እኔ ልሳሳተው?

ክህደቴን ዋጥኩና ሌላ ተናገርኩ። ለጥገና የገባ ጫማ የባለቤቱ ነው፣ ውርስ አይደለም፣ እግዱ እሱን አይጨምርም አልኩ። ዳኛው ግን ትእዛዙ ውስጡ ያለውን ሁሉ ይላል፣ እስከ ምን ድረስ እንደሆነ ከተጠራጠርሽ መጥተሽ መጠየቅ ነበረብሽ፣ ማሸጊያ ቀዶ ለራስ መፍረድ አይቻልም አሉኝ። እውነታቸውን ነው። አንድ ገጽ ማመልከቻ ይበቃ ነበር፤ ከእኛ ቤት ግን ማንም አላሰበውም። ሰኞ ቅጣቴን ይወስናሉ፤ እስርም ሊኖር ይችላል። ይህን ሲሉ አንተ መሬት መሬቱን ታይ ነበር።

ተናድጄብሃለሁ፣ አልደብቅህም። ጠበቃህን ዝም በል ማለት ይህን ያህል ከበደህ? አንተ ቢሮ ያለህ ሰው ነህ፣ ብትቀጣ እንጀራህ እንደሚሄድ ይገባኛል። እኔም ግን እማዬን ጥዬ ልገባ ነው። ሌሊቱን ሁሉ ስረግምህ አደርኩ እንዳልልህ ደግሞ፣ ዳኛው ጫማውን መልሰውላቸው መምህርታችን ኮሪደሩን ቀጥ ብለው ሲሄዱ አይቻለሁ። ከዚያ በኋላ እርግማኑ ከአፌ አልወጣ አለኝ።

የሱቁን ዕቃ ያጣሩት ሰዎች የአባባ ወስፌ ከቦታው የለም ብለው ጠይቀውኝ ነበር። አላውቅም አልኳቸው። ባለበት ይቆይ፤ ዝገት እንዳይነካው ብቻ ዘይት ቀባው።

ሰኞ ጠዋት ችሎት ነው። ብትመጣ ትመጣለህ፣ ብትቀር እማዬን አደራ። ልጆችህን ያሳድግልህ፤ እጅህን ይባርከው።

የሌላኛው እግራቸው ጫማ ተረከዝም ሊያልቅ ነው። እሱን እንኳ ዳኛውን አስቀድመህ ጠይቅ።

ታናሽ እህትህ