ጊዜያዊው ሙሊት

ሰኞ

አፌን ለመክፈት አፍሬ የጥርስ ሐኪሟ ሁለቴ ለመነችኝ። የተቦረቦረው የላይኛው የፊት ጥርሴ ነው፣ ስስቅ የሚታየው። ነጭ ዱቄት መስታወት ላይ ከዘይት ጋር አሸችና እንደ ሊጥ ሲሆን ጉድጓዱን ደፈነችው። አፌ ሁሉ ቅርንፉድ ሸተተ። ቤት ሳንደርስ ሕመሙ ተወኝ። ሐኪሟ ስትሸኘኝ፣ ይሄ ጊዜያዊ ሙሊት ነው፣ እንዳትነኪው፣ ነርቩ ይረጋጋ፣ ቅዳሜ ቋሚውን እሞላልሻለሁ፣ ጥርስሽ ይተርፋል አለችኝ።

እናቴ ባጃጅ ውስጥ ስትስቅ መጣች። ቡታጅራ ገበያ ቅመም ትሸጣለች። "ለዚህ ነው የተሰለፍነው? ጥርሱን ያመመው ሁሉ ቅርንፉድ የሚገዛው ከኔ አይደል?"

ማክሰኞ

ደህና አደርኩ። ጎረቤታችን ስትቀልድ እጄን አፌ ላይ ሳላደርግ ሳቅሁ። ጥርሴን ማንም ልብ አላለውም መሰለኝ።

ረቡዕ

ለሱብሂ ሶላት ውዱእ ሳደርግ እንደልማዴ ጥርሴን በመፋቂያ ፋቅሁት። ሙሊቱ ወጣ። እንዳትነኪው ተብዬ ነበር፣ ስለዚህ ሐኪሟ ጋ እንመለስ ለማለት ፈራሁ። እናቴ ቅርንፉድ ወቀጠች፣ በቅቤ ለወሰችና ጠቀጠቀችልኝ። ሽታው ያው፣ መድኃኒቱም ያው አለች። እውነትም ቀለል አለኝ። ደስ አላት።

ዓርብ

ትናንት መጻፍ አልቻልኩም። ከንፈሬ አብጧል። ቅርንፉዱ ድዴን አቃጥሎታል። ትኩሳትም አለኝ። እናቴ ገበያ አልወጣችም፣ ግንባሬን እየደጋገመች ትዳብሳለች። ያ አላህ፣ ጥርሴ ብቻ አይነቀል።

ቅዳሜ

ተነቀለ።

ሐኪሟ አልተቆጣችም። ብትቆጣ ይሻል ነበር። ቅርንፉድ ሕመም እንደሚያስታግስ፣ የሷም ዘይት ከዚያው እንደሚወጣ ለእናቴ ነገረቻት። "ግን እማማ፣ የኛ ዘይት ከዱቄቱ ጋር ሲዋሃድ ይደርቃል፣ ጉድጓዱን ይዘጋል። የእርስዎ አይደርቅም፤ ምግቡም ምራቁም ይገባል።" ጥርሴ ከሥሩ መግል ቋጥሮ ይነቃነቅ ነበር። እዚህ ልናተርፈው አንችልም አለች።

ስንመለስ ባጃጁ ውስጥ እናቴ፣ "ተቀየምሽኝ?" አለችኝ። ጥጥ ነክሻለሁ፣ እንዳትናገሪ ተብያለሁ። አልተቀየምኩም ለማለት ራሴን ነቀነቅሁ። እሷ ግን ወደ ውጭ ነበር የምታየው።

ጥጡን ከጣልኩትም በኋላ እንዳልተቀየምኳት አልነገርኳት።  እሷ የቅርንፉዱን ከረጢት ከሌሎቹ ቅመሞች ለይታ በሩ ሥር አስቀምጣዋለች፤ ከእንግዲህ ላትሸጠው ነው መሰለኝ። ነገ ገበያ ከመውጣቷ በፊት ከእርዱና ከኮረሪማው አጠገብ እመልስላታለሁ። ይገባት ይሆን?